«አበደ» ማለት «ጠፋ» ማለት ነበር

(በሰመራ ለሕዝብ የቀረበ የትምህርት ንግግር፤ ለኅትመት ተስተካክሎ)



ከአዋሽ ሰባት ኪሎ ተነሥቶ በአዋሽ አርባ፣ በገዋኔና በሚሌ አድርጎ እዚህ ሰመራ የሚገባ ሰው «አበደ» የሚለውን ቃል መንገዱን ሙሉ ይሰማዋል። ቲማቲም አብዷል፤ ባለፈው ሳምንት አንድ ኪሎ የገዛ ብር ዛሬ ግማሹን አይገዛም። ፀሐዩ አብዷል። የከባድ መኪናው ሾፌር አብዷል፤ ኩርባ ላይ ደርቦ ያልፋል። የሎጊያ ወጣቶች ስለ አንድ ሠርግ ሲያወሩ «ያበደ ሠርግ!» ይላሉ፤ ይሄኛው ምስጋና ነው። በ2012 ዓ.ም. ነሐሴ አዋሽ ሞልቶ መንደርና እርሻ ሲያጥለቀልቅ፣ ስንቱን ሰው ከቀዬው ሲያፈናቅልም «ወንዙ አበደ» ቢባል ማንም «ወንዝ ደግሞ አእምሮ አለው ወይ?» ብሎ አይከራከርም። ቃሉ ከታመመ ሰው ላይ ተነሥቶ ልኩን ባለፈ ነገር ሁሉ ላይ አርፏል።

አበደ ከሚባለው ሁሉ ሐኪም ያለ ክርክር የሚቀበለው አንዱን ብቻ ነው፤ ያበደውን ውሻ። «የእብድ ውሻ በሽታ» እስከ ዛሬ የአማርኛ የሕክምና ስም ነው። እ.ኤ.አ. በ1903 በአዲስ አበባ ውሾች ላይ በወረርሽኝ መልክ መነሣቱ ተመዝግቧል። ከዚያ በኋላ የተቋቋመው የፓስተር ተቋም ስሙ ብዙ ጊዜ ተለዋውጦ ዛሬ የኢትዮጵያ የሕብረተሰብ ጤና ኢንስቲትዩት ይባላል፤ የአዲስ አበባ ሰው ግን ሰፈሩን አሁንም «ፓስተር» ነው የሚለው። ከርእሴ ትንሽ ልውጣና አንድ ነገር ልናገር፤ ከብት በሚጠብቅ ሕዝብ ፊት ቆሜ ይህን ሳልናገር ባልፍ ነውር ይሆንብኛል። ውሻ ወይም ቀበሮ የነከሰው ሰው ቁስሉን በሳሙናና በብዙ ውኃ 15 ደቂቃ ይጠበው፤ ከዚያ ሳያድር ወደ ጤና ጣቢያ ሄዶ ክትባት ይጠይቅ። የሕመሙ ምልክት አንዴ ከታየ በኋላ የሚያድን መድኃኒት የለም።

ወደ ቃሉ ሥር እንውረድ። በግእዝ ግሡ «አብደ» ነው። አውግስት ዲልማን እ.ኤ.አ. በ1865 ላይፕሲሽ ላይ ባሳተመው ትልቁ የግእዝ መዝገበ ቃላት ትርጉሙን አእምሮ ማጣት፣ ቂል መሆን ይለዋል። የግእዝ ዘመዶች ዘንድ ብንሄድ ግን ነገሩ ይሰፋል። በዕብራይስጥ እነዚሁ ሦስት ፊደላት፣ አ፣ በ፣ ደ፣ ሲገናኙ «ጠፋ»፣ «ባዘነ»፣ «ጠፍቶ ቀረ» ማለት ነው። በዐረብኛ ደግሞ «አበደ» እንስሳ ከሰው ሸሽቶ ዱር ሲገባ የሚነገር ነው፤ «አዋቢድ» የሚባሉት ሰው የማያስጠጉ የዱር አራዊት ናቸው። ትግርኛ ቃሉን በጉሮሮው ዐ ስለሚጠራው አንዳንዶች «ዐብድ» ከሚለው፣ ባሪያ ከሚባለው ዐረብኛ ጋር ሊያዛምዱት ይቃጣቸዋል። እኔ አልቀበለውም። የግእዙ መዝገብ በአልፍ ነው ያስቀመጠው፣ ትርጉሙም ወደ ዕብራይስጡ «ጠፋ» ነው የሚያደላው።

እንግዲህ ቃሉ ከራስ ቅል ውስጥ አይደለም የጀመረው። ከመስክ ነው። ከመንጋው የተለየች፣ ስትጠራ የማትመለስ፣ ሰው ሲቀርባት የምትደነብር እንስሳ ናት መነሻው። ለአፋር ሰው ይህን ማብራራት ለወንዝ ውኃ እንደ መቅዳት ነው። ግመል ጠፋች እንበል። ባለቤቷ ብቻውን አይፈልጋትም። መንገድ ላይ ያገኘውን ሁሉ ያስቆማል፤ ጥላ ተፈልጎ ይቀመጣሉ፤ ዳጉ የሚባለው የወሬ ልውውጥ ይጀመራል። ከየት መጣህ፣ ዝናቡ የት ጣለ፣ ሣሩ እንዴት ነው፣ ማን ታመመ፣ ማን ወለደ፣ ማን ሞተ፤ ከዚያም የጠፋችው ግመል ቀለሟ ይህ ነው፣ ምልክቷ ይህ ነው። የሰማ ሰው የሰማውን ሳይጨምር ሳይቀንስ ለሚቀጥለው ማድረስ ግዴታው ነው። ሁለት ቀን ሳይሞላ የግመሏ ምልክት ባለቤቷ ረግጦት የማያውቅ ቀዬ ድረስ ይደርሳል።

ይህን ይዘን የመጽሐፈ ሳሙኤል ቀዳማዊን ምዕራፍ 9 ብንከፍት አንድ የማውቃቸው ሰባኪዎች ሁሉ ሳያነሡት የሚያልፉት ነገር አለ። የቂስ አህዮች ጠፉ፤ ልጁ ሳኦል ከአንድ ብላቴና ጋር ሊፈልጋቸው ወጣ። የዕብራይስጡ መጽሐፍ አህዮቹ ጠፉ ለማለት የተጠቀመበት ግሥ የእኛው «አበደ» ዘመድ ነው። ሳኦል አህያ ሊፈልግ ወጥቶ ሳሙኤልን አገኘ፣ ንግሥና ተቀብሎ ተመለሰ። ኋላ ግን ክፉ መንፈስ ያስጨንቀው ጀመር፤ ሹማምንቱ በገና የሚደረድር ሰው ይፈለግ አሉ፤ ዳዊት መጣ። ለሳኦል ጭንቀት መጽሐፉ ይህን ግሥ አልተጠቀመም፣ ሌላ ቃል አለው። የአህዮቹ ፈላጊ ራሱ ከሰው መንጋ ወጥቶ ሲባዝን ማየት ግን ለግእዝ አንባቢ ባዳ ታሪክ አይደለም። 

ዳዊት ራሱም አንድ ጊዜ «አብዷል»፤ ያውም በውሸት። ከሳኦል ሸሽቶ ጌት ሲገባ ንጉሡ አንኩስ እንዳይገድለው በሩን እየቧጨረ፣ ለሐጩን በጢሙ ላይ እያዝረበረበ እብድ መሰለ። ንጉሡም በአገሬ እብድ አንሶኝ ነው ወይ ይህን ያመጣችሁብኝ ብሎ አገልጋዮቹን ተቆጣ። እብደት ከሰይፍ ያስጥላል ማለት ነው። ይህ ልማድ ከጌት ከተማ ጋር አልቀረም፤ በእኛም ታሪክ ባለሥልጣን የሚፈራውን እውነት እብድ ወይም አዝማሪ ሲናገረው ይሳቅ ነበር። «እብድና ዘመናይ የልቡን ይናገራል» የሚባለው ለዚህ ነው።

ግእዙ ከዕብራይስጡ «ጠፋ» ወደ ሌላ ነገር ተሻግሯል፤ ወደ ቂልነት። በዳዊት መዝሙር በልቡ እግዚአብሔር የለም ብሎ የሚያስበውን ሰው የግእዙ ዳዊት «አብድ» ይለዋል። የአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ ግን «ሰነፍ» አለው። ተርጓሚዎቹ ልክ ናቸው፤ ያ ሰው የታመመ አይደለም፣ አስተሳሰቡ መንገድ የሳተ ነው። አማርኛ ሕመሙን ለ«እብድ» ሰጥቶ ቂልነቱን ለ«ሞኝ»፣ ለ«ጅል»፣ ለ«ቂል» አከፋፍሎታል። የድሮው ትርጉም ግን በቁጣችን ውስጥ ተደብቆ ኖሯል። ሽማግሌ ሳይልክ ላገባ ነው ለሚል ልጅ፣ መሬቱን ሸጦ ወደ ሳዑዲ ለመሻገር ለሚነሣ ወጣት «አብደሃል እንዴ?» የሚለው አባት ሐኪም መጥራቱ አይደለም። ከመንጋው እየወጣህ ነው ማለቱ ነው።

እዚህ ላይ ጉዱ ካሣን ሳላነሣ አላልፍም። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ባሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ ካሣ ዳምጤ የሚባለው ሰው የባላባትን ሥርዐት ስለሚነቅፍ፣ ሰው ሁሉ በትውልድ እኩል ነው ስለሚል አገሩ እብድ አድርጎ ስም አወጣለት፤ ጉዱ ካሣ። ደራሲው ያን ሰው ካበዱት መሀል ብቸኛው ጤነኛ አድርገው ነው የሣሉት። የሚያስገርመኝ ልብ ወለዱ ሳይሆን ሌላ ነገር ነው። ይኸው ክስ ከዚያ በፊት በብዙ መቶ ዓመት በትልልቆቹ ሰዎች ላይ ቀርቦ ነበር። በማርቆስ ወንጌል ምዕራፍ 3 የኢየሱስ ዘመዶች አብዷል ብለው ሊይዙት ይወጣሉ። በሐዋርያት ሥራ አገረ ገዢው ፊስጦስ ጳውሎስን የትምህርት ብዛት አሳብዶሃል ይለዋል። በቁርኣንም የመካ ተቃዋሚዎች ነቢዩ ሙሐመድን መጅኑን ብለዋቸው ነበር፤ አል ቀለም የሚባለው 68ኛው ሱራ ሲጀምር ይህንኑ ክስ ነው የሚያስተባብለው። አዲስ ነገር ይዞ የመጣን ሰው እብድ ማለት ከሁሉ የቀለለ መልስ ነው፤ የተናገረውን መመርመር አይጠይቅም።

ፊስጦስ የትምህርትን ብዛት መክሰሱ ለእኛ አገር ተማሪ አዲስ አይሆንበትም። በቅኔ ቤት አእምሮ ይከፍታል ተብሎ የሚጠጣ አብሾ የሚባል ነገር አለ፤ የሚሠራውም ከአስተናግር ነው። አስተናግር በየአጥሩ ሥር የሚበቅል መርዛም ቅጠል ነው፤ ስሙ ራሱ የሚያስለፈልፍ መሆኑን ይናገራል። በውስጡ አትሮፒንና ስኮፖላሚን አለ፤ የዓይን ብሌን ያሰፋል፣ አፍ ያደርቃል፣ የሌለ ነገር ያሳያል፣ ልኩን ካለፈ ይገድላል። ስለዚህ ነው ባንድ ብርሌ ጠጅ የሚደነፋን ሰው «አብሾ አለበት» የምንለው። ቅኔ የሚከፍተውና እብደት የሚያመጣው መድኃኒት አንድ ነው መባሉን ልብ በሉ፤ እዚሁ አፋር ውስጥ ተመሳሳዩ ሐሳብ በሌላ ልብስ ይመጣል።

ከዐረብኛው «ጅን» እንነሣ። ሥሩ መሸፈን ነው። ጀነት በዛፍ የተሸፈነ ገነት፣ ጀኒን በማሕፀን የተሸፈነ ፅንስ፣ ጅን ከዓይን የተሸፈነ ፍጡር። መጅኑን ደግሞ ጅን የያዘው፣ አእምሮው የተሸፈነበት፤ ማለትም እብድ ነው። ቃሉ ባሕር ተሻግሮ ወደ አፋርኛ ሲገባ ጅን «ጊኒ» ሆነ። አፋርኛ በዚህ ላይ የባለቤትነት ምልክት ጨመረና «ጊኒሊ» አለ፤ ጊኒ ያለው ሰው። በቃል አፈጣጠሩ ከመጅኑን ብዙ አይርቅም። በአፋር ሕዝብ ዘንድ ግን ጊኒሊ እብድ አይደለም። ትንቢት ተናጋሪ ነው፣ ገጣሚ ነው። ሰው ክብ ሠርቶ እያጨበጨበ ሲዘፍን እርሱ መሀል ይሆናል። ስለ ዝናብ፣ ስለ ግጦሽ፣ ድሮ ደግሞ ስለ ዘመቻ ይጠየቃል፤ መልሱን በግጥም ይሰጣል። ፈረንሳዊው የቋንቋ ሊቅ ዲዲየ ሞረን እ.ኤ.አ. በ1991 ባሳተመው መጽሐፍ ጊኒሊን ነቢይ፣ ገጣሚና ተዋጊ ብሎ በሦስት ስም ነው የጠራው። አዲስ አበባ የተወለደው እንግሊዛዊ ዊልፍሬድ ቴሲጀር ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1933 መጨረሻ ከአዋሽ ባቡር ጣቢያ ተነሥቶ፣ በሱልጣን መሐመድ ያዮ ፈቃድ አውሳን አቋርጦ ወንዙ እስከሚሰጥምበት እስከ አቤ ሐይቅ ሲጓዝ ይህንኑ ጨዋታ በዓይኑ አይቶ ጽፏል።

አንድ ሥር ነው፤ ባሕር ማዶ በሽተኛ፣ ባሕር ወዲህ ባለ ራእይ። እስልምና ጥንቆላን እንደማይቀበል የታወቀ ነው፤ የሃይማኖት መምህራንና የጊኒሊ ወዳጆች የሚከራከሩበት ነገር እንዳለ እናንተ ከእኔ ይበልጥ ታውቃላችሁ። እኔ ወደዚያ ክርክር አልገባም። የማየው ሕዝቡ የሠራውን ልዩነት ነው። ጊኒሊ ድምፅ ሲሰማ ሰዎች በዙሪያው አሉ፤ መጀመሪያና መጨረሻ አለው፤ ጨዋታው ሲያበቃ ወደ ግመሎቹ ይሄዳል። ብቻውን በረሃ ለበረሃ ከራሱ ጋር እያወራ የሚሄደውን ሰው ማንም ጊኒሊ አይለውም።

በሰሜኑ ደጋ ዛርም እንዲሁ ነው። ዛር የሰፈረበት ሰው የዛሩ «ፈረስ» ይባላል፤ ፈረስ ደግሞ ጋላቢ ሲወርድለት ያርፋል። ፈረንሳዊው ሚሼል ሌሪስ እ.ኤ.አ. በ1932 ጎንደር ከመልካም አየሁ ቤት ተቀምጦ የዛርን ነገር ሲመዘግብ ከሕመሙ ይልቅ የተገረመው በቲያትሩ ነበር። ግሪኮችም ከዚህ አልራቁም። አፍላጦን «ፌድሮስ» በሚባለው ድርሰቱ ሶቅራጥስን ሲያናግረው ትንቢት፣ ቅኔና ፍቅር ከአምላክ የተላከ እብደት ናቸው ያሰኘዋል፤ ከዚያም የትንቢት ስም «ማንቲኬ» በጥንቱ «ማኒኬ»፣ ማለት እብደት፣ ነበር፤ አንዷን ፊደል ኋላ የመጡ ሰዎች ሸነቀሯት ብሎ ያሾፋል። ሌሎቹን አሕዛብ ቶሎ ልለፋቸው። የእንግሊዝኛው «ማድ» ከመለወጥ ሥር የወጣ ነው፤ ሮማውያን ጨረቃን ከሰሱ፤ ዐረቡ ተሸፈነ አለ፤ የእኛው ጠፋ አለ።

አማርኛ ከግሡ ሌላ ምልክትም መርጧል፤ ልብስን። «ጨርቁን ጣለ» ካልን አለቀ፤ «ለየለት» ማለት ነው። ከዚያ በፊት ግን ደረጃዎች አሉ፤ ነካ ያደርገዋል፣ ወፈፍ ያደርገዋል፣ ቀወስ አድርጎታል እያልን የምንወጣቸው። የልብሱ ነገር ከወንጌሉም ጋር ይገጥማል። በጌርጌሴኖን አገር በመቃብር መሀል ይኖር የነበረው፣ ሰንሰለት የሚበጥሰው ሰው ልብስ አልነበረውም፤ ሲድን ያገኙት ለብሶ፣ ወደ ልቡ ተመልሶ፣ ተቀምጦ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ በጎዳና የወደቁ የአእምሮ ሕሙማንን የሚያነሣው ማኅበር ስሙን «ጌርጌሴኖን» ያለው ከዚሁ ነው። ጥሩ ስም ነው፤ በሽታውን ሳይሆን የዳነውን ሰው ያስታውሳል።

ሁሉም ስም ግን እንዲህ አይቀናውም። በጣልያን ወረራ ዘመን መርካቶ አጠገብ የተከፈተው የአማኑኤል ሆስፒታል ለብዙ ዐሥርት ዓመታት በአገሪቱ ብቸኛው የአእምሮ ሆስፒታል ነበር። አማኑኤል ማለት እግዚአብሔር ከእኛ ጋር ነው ማለት ነው። የአዲስ አበባ ልጅ አፍ ሲገባ ግን «አማኑኤል ይግባ» ስድብ ሆነ። ዛሬ በየጤና ጣቢያው ግድግዳ «የአእምሮ ሕመም» የሚል ጨዋ ስም ተለጥፏል፤ እሱም ተራውን ይዞ «አንተ የአእምሮ በሽተኛ!» እየተባለ መሰደቢያ መሆን ጀምሯል። ነገሩን ካልለወጡት ስም መቀየር የት ያደርሳል? ነገሩም መለወጥ የጀመረው ዘግይቶ ነው፤ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የአእምሮ ሕክምና ስፔሻሊስት እዚሁ አገር ውስጥ ማሠልጠን የጀመረው እ.ኤ.አ. በ2003 ነው፤ ከዚያ በፊት ሐኪሙ ለዚህ ትምህርት ባሕር ማዶ መሻገር ነበረበት።

ሕጋችን ስለ እብድ የሚለውም መስማት ያስደንቃል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንድ ሰው እብደቱ በይፋ የታወቀ ነው የሚባለው መቼ እንደሆነ ሲደነግግ መጀመሪያ ሆስፒታል ውስጥ ያለውን ሰው ይጠቅሳል። ሕዝቡ ከ2,000 በታች በሆነበት ቦታ ግን ሌላ መለኪያ ያስቀምጣል፤ ቤተሰቡ ወይም አብረውት የሚኖሩት ሰዎች ስለ አእምሮው ሁኔታ የሚጠብቁት፣ እንዳሻው እንዳይዘዋወርም የሚያግዱት ከሆነ እብደቱ እንደታወቀ ይቆጠራል። ረቂቁን ያዘጋጁት ፈረንሳዊው ሬኔ ዳቪድ ስለ አፋር ያሰቡ አይመስለኝም። ቢሆንም ለአርብቶ አደር መንደር የሚስማማ ሕግ ነው የጻፉት፤ ምስክሩ የሐኪም ወረቀት ሳይሆን የሚጠብቀው ዘመድ ነው።

ወደ ስሞቹ ልመለስና አሁን አዋሽ ሰባት ኪሎ ላይ ትንሽ ልቁም። ባቡርና አስፋልት የሚገናኙባት ከተማ ናት፤ ጫት ከሐረርጌ ይመጣባታል፣ ሾፌር ያድርባታል። እዚያ ስለ አንድ በየካፌው ደጃፍ ስለሚውል፣ ልብሱ ስላለቀበት ወጣት ብትጠይቁ «ጀዝባ ነው» ይሏችኋል፤ ምርቃናው ሳይወርድለት የቀረ። ቃሉ ከድሬዳዋና ከሐረር የመጣ ነው። በዐረብኛ «ጀዝብ» መሳብ ነው፤ ሱፊዎች «መጅዙብ» የሚሉት አላህ ወደራሱ የሳበውን፣ ከዓለም የተነጠለውን ቅዱስ ነው። ሁለቱ አንድ ቤት ናቸው ብዬ እገምታለሁ። ግምቴ ልክ ከሆነ በፈጣሪ የተሳበው ሰው ስም በጫት ለተሳበው ተላልፏል ማለት ነው። ጫት ብቻውን ሰው ያሳብዳል የሚሉትን ግን ከመጠን ያለፈ እላለሁ። ለመታመም የተጋለጠን ሰው ያባብሳል፣ እንቅልፍ ይነሣል፣ የታመመውንም መድኃኒቱን ያስተወዋል። ጀዝባ ያልነው ልጅ መጀመሪያ ታሞ ኋላ ጫት የያዘ ሊሆን ይችላል፤ ማንም የትኛው እንደቀደመ ሳይጠይቅ ስሙን ይለጥፍበታል።

ቃል ሰውን ከመቁጠሪያ እንደሚያወጣ በኢትዮጵያ ውስጥ ግልጽ ሆኖ የታየው በቦረና ነው። ቀድሞ ቡታጅራ ላይ እ.ኤ.አ. ከ1998 ጀምሮ ተመራማሪዎች ቤት ለቤት ሄደው ከ68 ሺህ በላይ ሰው ጠይቀዋል፤ ከባድ የአእምሮ ሕመም ያለባቸውን አገኙ፣ ከእነርሱም አብዛኞቹ ሕክምና አይተው አያውቁም ነበር። ከዚያ በኋላ በቦረና አርብቶ አደሮች መካከል በዓለም አቀፍ መጠይቅ ጥናት ተደረገ። ስኪዞፍሬንያ የሚባለው ከባድ ሕመም ያለበት አንድም ሰው አልተገኘም! ያን ጊዜ ሁለት መንገድ ነበር። አርብቶ አደር አያብድም፣ በረሃው ያድነዋል ብሎ መደሰት ይቻል ነበር፤ እንዲህ ያለ ተረት ደግሞ በከተማ ሰው ዘንድ ቶሎ ይወደዳል። ተመራማሪዎቹ ግን ውጤታቸውን ጠርጥረው ተመለሱ። መጠይቁን ትተው የአገር ሽማግሌዎችን ሰበሰቡ፤ በእናንተ ቋንቋ «ማራታ» የምትሉት ምን ዓይነት ሰው ነው ብለው ጠየቁ። ሽማግሌዎቹ ነገሩን በደንብ ያውቁታል። እነርሱ በነገሯቸው ምልክት ሲፈለጉ ሰዎቹ ተገኙ። ጥናቱ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2010 ነው።

እኔ ከዚያ ጥናት የያዝሁት ግን አንድ ተጨማሪ ነገር ነው። ሽማግሌዎቹ የዘረዘሯቸው ምልክቶች አብዛኞቹ ከሩቅ የሚታዩ ነበሩ። የእኛም «ጨርቁን ጣለ» ከሩቅ የሚታይ ነው፤ «አበደ» ራሱ ከሩቅ የሚታይ እንስሳ ስም ነው። ጥግ ይዞ ዝም ያለውን ሰው የሚጠራ ቃል ግን እጥረት አለብን። «ተክዟል» እንላለን፣ «ድብርት ይዞታል» እንላለን፤ ሁለቱም ነገ የሚለቅ ነገር ያስመስሉታል።

እንዲህ ዝም ያለውን ሰው ለማግኘት ሩቅ አንሄድም። በዚሁ በሰመራ ጎዳና ወደ ጅቡቲና ወደ ኦቦክ በእግሩ የሚያልፈውን ወጣት ሁላችሁም ታዩታላችሁ። በ2006 ዓ.ም. ሳዑዲ ዐረቢያ ከ160 ሺህ በላይ ኢትዮጵያውያንን በጥቂት ወራት ውስጥ መለሰች፤ ከዚያም ወዲህ መመለሱ አልቆመም። «ዐረብ አገር አሳብዷት መጣች» የሚባልላት ልጅ ትጮህ እንደሆነ ዘመድ ጸበል ይወስዳታል፣ ሼኽ ዘንድ ያደርሳታል፣ አቅም ያለው አማኑኤል ድረስ ይሄዳል። የማትጮኸው ግን ትቀመጣለች። ውኃ ትቀዳለች፣ እሳት ታነድዳለች፣ ስትጠየቅ ራሷን ትነቀንቃለች።

አሁን ደግሞ አንድ ጠያቂ የአማርኛ ቅጽ ይዞ ከሰመራ ወደ አንድ የአፋር መንደር ወረደ እንበል። ቅጹ ላይ «ሌላ ሰው የማይሰማው ድምፅ ይሰማዎታል?» የሚል ጥያቄ አለ። ጊኒሊውን ሲጠይቀው ሳያመነታ አዎን ይለዋል፤ ስሙ ይመዘገባል። ልጅቱን ሲጠይቃት አይሰማኝም ትላለች፤ እውነቷን ነው፣ ምንም አይሰማትም። ስሟ ሳይመዘገብ ይቀራል። ከመሄዷ በፊት ሳቂታ እንደነበረች፣ ለዳጉ ማንም እንደማይቀድማት የሚያውቁት ከጎኗ ያሉት ጎረቤቶች ናቸው። ጠያቂው ቅጹን ሳይዘረጋ በፊት እነርሱ ዘንድ ይቀመጥ፤ አፋርኛ የማይችል ከሆነም የሚችል ይዞ ይሂድ።